ሳይዘንብ የመጣ ውሃ

ጋምቤላ ብሔራዊ ፓርክ ሄጄ ነጭ ጆሮ ቆርኬ የሚባለውን የሜዳ እንስሳ አይቻለሁ። ለዓመታት የተመኘሁት ነገር ነው። በማየቴ እስከ ዛሬ ደስ ይለኛል። ግን አንድ ሰው ቀድሞ ቢያስጠነቅቀኝ ኖሮ ሁለት ሌሊት ጭቃ ላይ አላድርም ነበር። የምጽፈው ለዚህ ነው።

ቀላሉን ቶሎ ልጨርስ። ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን ጋምቤላ ከተማ ገባሁ። የመግቢያ ፈቃድ አወጣሁ። ላንድክሩዘር ከነሹፌሩ ተከራየሁ፣ ስካውት (የፓርኩ ጠባቂ) ተመደበልኝ። አጎበርና የወባ መድኃኒት ይዣለሁ። በአቦቦ አድርገን ፑኝዶ ደረስን። እስከዚህ ምንም ችግር አልነበረም።

ጥፋቱ የተጀመረው ገና ሳልነሳ፣ አንድ ቢሮ ውስጥ ነው። መቼ ልሂድ ብዬ የጠየቅኩት ባለሙያ "እስከ ግንቦት መጨረሻ ደረቅ ነው፣ አታስብ" አለኝ። አምኜው ሚያዝያ መጨረሻ ላይ ሄድኩ። ስመለስ ሳገኘው ጊሎ ወንዝ አካባቢ ሄዶ እንደማያውቅ ራሱ ነገረኝ። አሁንም ሳስበው ያናድደኛል። "እኔ አላውቅም፣ የሚያውቅ ሰው ጠይቅ" ቢለኝ ምን ነበረበት?

ሁለተኛው ጥፋት ግን የራሴ ነው። ከፑኝዶ ወደ ጆር አቅጣጫ ስንሄድ አንድ ደረቅ ቦይ አገኘን። መሬቱ ተሰነጣጥቋል። ከቦዩ ወዲህ ያገኘናቸው አንድ የአኙዋ ሽማግሌ ስካውቱን በቋንቋቸው ረጅም ነገር ነገሩት። "ምን አሉ?" አልኩት። "ደጋው ላይ ዘንቧል፣ ውሃው ሊመጣ ነው፣ ዛሬውኑ ተመለሱ ነው የሚሉት" አለኝ። ቀና ብዬ ሰማዩን አየሁ። አንዲት ደመና የለም። "አመሰግናለሁ አባባ፣ ነገ በጠዋት እንመለሳለን" አልኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁና መንገዳቸውን ቀጠሉ።

እዚያ አገር ሰማይ አይቶ መወሰን አይሠራም። ባሮ የሚሞላው ኢሉባቦርና ወለጋ ደጋ ላይ ሲዘንብ ነው። ጊሎም ከሚዛን ተፈሪ አካባቢ ይነሳና በታታ ሐይቅ አልፎ ፒቦር ወንዝ ይገባል። ሜዳው ደግሞ እንደ ምጣድ ጠፍጣፋ ነው። ወንዙ ትንሽ ከሞላ ውሃው መሄጃ ስለሌለው በየቦዩ ገብቶ ሜዳው ላይ ይተኛል። ክረምት ላይ ደረቅ ቦታ ጥቂት ነው። ይህን ሁሉ ያወቅኩት በኋላ ነው።

ከቦዩ ማዶ አደርን። ጠብታ አልዘነበም። ሲነጋ ቦዩ ውስጥ ውሃ አለ። ከጉልበት በታች ነበር፤ ሹፌሩ "እንለፈው" አለ፣ እኔም "ቶሎ በል" አልኩ። መሃል ላይ የኋላ ጎማዎቹ ሰመጡ። ያ ጥቁር መረሬ ሲደርቅ ድንጋይ ነው፣ ሲርስ ግን ጎማ ላይ እንደ ሊጥ ይጣበቃል። ሹፌሩ ነዳጅ ረገጠ። ጎማው በዞረ ቁጥር መኪናው ወረደ። እኔ ደግሞ "ጨምር፣ ጨምር" እል ነበር። ክሪክ አስገባን፣ ክሪኩ ራሱ ሰመጠ። አካፋ አንድ ብቻ ነው ያለን። ሙሉ ቀን ቆፈርን፣ ውሃው ግን የቆፈርነውን መልሶ ይሞላዋል። ስልክ አይሠራም። ማታ ትንኙ ፊታችንን ጨረሰው። ከሁሉ የባሰብኝ የሹፌሩ ዝምታ ነበር። የእሱ መኪና፣ የእሱ እንጀራ ነው።

በሁለተኛው ቀን ስካውቱ በእግሩ ወደ መንደር ሄደ። እኛ እንደገና እዚያው አደርን። በሦስተኛው ቀን ረፋድ ላይ አሥራ አራት ወጣቶች ይዞ መጣ። ከፊታቸው እኚያ ሽማግሌ ናቸው። አንድም የወቀሳ ቃል አልተናገሩም። ወጣቶቹ ሳር አጭደው፣ በእቅፍ በእቅፍ አስረው ከጎማው ሥር ረበረቡት። የጎማውን አየር ግማሽ ያህል አስተነፈሱ። ከዚያ በገመድ ጎተቱ። ሃያ ደቂቃ አልፈጀባቸውም። የከፈልኳቸው ገንዘብ ሲበዛ ትንሽ ነበር።

ቆርኬውን ያየሁት ተይዘን ሳለን ነው። ሁለተኛው ቀን ሲነጋጋ ስካውቱ ቀሰቀሰኝና ግማሽ ሰዓት ያህል በእግር ወሰደኝ። ሳሩ ተቃጥሎ እንደገና ያቆጠቆጠበት ሜዳ ላይ ነበሩ። መቁጠር አልቻልኩም። ወንዶቹ ጥቁር ናቸው፣ ጆሯቸውና የዓይናቸው ዙሪያ ነጭ ነው። ሴቶቹ ዳማ ናቸው፣ ቀንድ የላቸውም። እ.ኤ.አ. በ2023 ደቡብ ሱዳን ውስጥ ከአየር ሲቆጠሩ 5 ሚሊዮን ገደማ ተገኝተዋል። ድንበር አያውቁም፤ ውሃና ለምለም ሳር ተከትለው ከደቡብ ሱዳኑ ቦማ በኩል ወደ እኛ ይሻገራሉ፣ ይመለሳሉ። ቆሜ አለቀስኩ። ስካውቱ ወደ መንደሩ የሄደው ከዚያ ስንመለስ ነው።

ልሂድ ለሚል ሰው የምለው ይህ ነው። ከኅዳር ጀምሮ ይቻላል ቢሉህ አትስማ። ያኔ መሬቱ ገና አልደረቀም፣ ሳሩም ከሰው ቁመት በላይ ስለሆነ አጠገብህ ያለውን እንስሳ አታይም። የካቲትና መጋቢት ይሻላል። በአንድ መኪና አትግባ። ሁለት አካፋ፣ ረጅም ገመድና የሦስት ቀን ትርፍ ውሃ ያዝ። ጎማ መስመጥ ሲጀምር ነዳጅ አትርገጥ፣ ወዲያው ቁምና አየሩን ቀንስ። ስካውት ሲመደብልህ የዚያው ወረዳ ልጅ እንዲሆን ጠይቅ። የእኔው የዚያ አገር ልጅ ባይሆን መንደሩን ማን ያገኝልኝ ነበር? ቢሮ የሚነግሩህን ስማ፣ ግን ፑኝዶ ስትደርስ እንደገና ጠይቅ። ሽማግሌ ተመለስ ካለህ በዚያው ሰዓት መኪናህን አዙር።

ናይል ሌችዌ የሚባለውን ረግረግ ወዳድ እንስሳ አላየሁም። ሹቢል የሚሉትን ያንን ትልቅ ወፍም አላየሁም። በሚመጣው የካቲት እመለሳለሁ። ስካውቱን ከወዲሁ በስልክ አነጋግሬዋለሁ። ለሽማግሌውም ጋቢ ገዝቻለሁ።