ማቅለሚያ የጠጣ ጨርቅ በፌስታል አይታሰር

የቤቴን ጠረጴዛና መደርደሪያ ራሴ ሳቀልም ሥራው አላስቸገረኝም፤ እንጨቱን በብርጭቆ ወረቀት አለሰለስኩ፣ አቧራውን ጠረግሁ፣ በተልባ ዘይት የተሠራውን ማቅለሚያ በእራፊ ጨርቅ ቀባሁ፣ ትርፉን ወለወልኩ። እስከ ዛሬ የሚያናድደኝ ጨርቁን ለማስወገድ ስሞክር የገጠመኝ ነው።

በማቅለሚያው ቆርቆሮ ላይ በጥቃቅን ፊደል የሰፈረው ማስጠንቀቂያ እንደሚያዝዘው፣ የመጀመሪያውን ዙር ጨርቆች ውኃ በሞላበትና ክዳን ባለው የብረት ዕቃ ነክሬ ወደ ቆሻሻ መረከቢያው ወሰድኩ። ተረካቢው ግን «ፈሳሽ አንቀበልም፤ በፌስታል አስረው ያምጡ» አለኝ። ጨርቁ ራሱን በራሱ ሊያቀጣጥል እንደሚችል ባስረዳውም፣ መመሪያው ይህ ነው ከማለት በቀር ሊሰማኝ አልፈለገም። የሁለተኛውን ዙር ጨርቆች እንዳለው በፌስታል አሰርኩ፤ ሆኖም ቃሉን ስላላመንኩ ከቤቱ አርቄ ባዶ ሲሚንቶ ላይ አስቀመጥኩና እየተመላለስኩ ስዳስሰው ዋልኩ። ከሰዓታት በኋላ ፌስታሉ ይሞቅ ጀመር፤ ስፈታው የጋለ ዘይት ሽታ አፍንጫዬን መታኝ። ወዲያውኑ ውኃ ውስጥ ከተትኩት። ተረካቢው እንዳዘዘኝ አስሬ በር ሥር አኑሬው ቢሆን ኖሮ ምን ይከተል እንደነበር ሳስብ አሁንም ይቆጨኛል፤ ያንን ምክር ለስንት ሰው እንደሰጠም አላውቅም።

የተልባ ዘይት የሚደርቀው እንደ ውኃ በመትነን ሳይሆን ከአየር ኦክስጅን ጋር በመዋሃድ ነው፤ ውህደቱም ሙቀት ያወጣል። ጠረጴዛ ላይ በስሱ ሲቀባ ሙቀቱ ይበተናል፤ በተጨማደደና በተከመረ ጨርቅ ውስጥ ግን ዘይቱ በየክሩ ተሰራጭቶ ብዙ አየር ሲያገኝ ሙቀቱ መውጫ ያጣል፣ ሙቀቱም ውህደቱን እያፋጠነ እስከ መንደድ ያደርሰዋል። እ.ኤ.አ. በ1991 በፊላደልፊያ ዋን ሜሪዲያን ፕላዛ በተባለው ሕንፃ 22ኛ ፎቅ የተነሳው፣ ሦስት የእሳት አደጋ ሠራተኞችን የገደለው ቃጠሎ መነሻው ሠራተኞች ትተውት የሄዱት የተልባ ዘይት የነካው ጨርቅ ነበር።

ስለዚህ እኔ ጨርቁን ከቤት ውጭ፣ የሚቀጣጠል ነገር በሌለበት፣ አንዱን ከሌላው ሳልደራርብ ዘርግቼ ድርቅ ብሎ እንደ ቆዳ እስኪገተር እተወዋለሁ፤ ዝናብ ካለ ወይም ቦታ ከጠበበ ብቻ ውኃ ውስጥ እነክረዋለሁ። ውኃው ዘይቱን አያጠፋውም፤ ጨርቁ ከውኃው ወጥቶ ሲደርቅ አደጋው ይመለሳልና፣ ማስጠንቀቂያው ይህን አለመጻፉ ትልቅ ጉድለት ነው።

ደጋግሞ መጠቀምን በተመለከተ፣ ዘይት የጠጣን ጨርቅ አጥቦ ማቆየት አልመክርም፤ ከታጠበም በኋላ በክሩ ውስጥ የሚቀረው ዘይት በልብስ ማድረቂያ ማሽን ሙቀት ሊቀጣጠል ይችላል። በውኃ የሚቀጥን ማቅለሚያ የነካው ጨርቅ ግን እንዲህ ራሱን ስለማያሞቅ ታጥቦ ለሌላ ሥራ ይውላል። ዘይት ላለበት ማቅለሚያ አሮጌ ጨርቅ በትንሽ በትንሹ ቆርጬ ለአንድ ሥራ ብቻ እጠቀማለሁ።

መመሪያቸው እንዲታረም ለመሥሪያ ቤቱ በጽሑፍ አመልክቻለሁ፤ መልስ አልሰጡኝም። የደረቀና የተገተረ ጨርቅ ስወስድላቸው ግን ያለ ጥያቄ ይረከቡኛል።