ከጋሼ ጋር ያየሁት የማሪያ ፊልም

ፖርቱጋላዊቷን ተዋናይት ማሪያ ደ ሜዴይሮስን መጀመሪያ ያየኋት የሞቴል አልጋ ላይ ተጋድማ ስለ ቦርጭ ስታወራ ነው።

ሰፈራችን ውስጥ ቪዲዮ ቤት ነበር። አንድ ጠባብ ክፍል፣ አራት አግዳሚ ወንበር፣ መስኮቱ ላይ የተሰቀለ ብርድ ልብስ። አስራ አራት ዓመቴ ነው። ወንድሜ ይዞኝ ካልገባ ሴት ልጅ ብቻዋን አትገባም። «ፐልፕ ፊክሽን» የታየ ቀን ቤቱ ጢም ብሎ ሞልቷል። ሁሉም የሚጠብቀው ተኩስ ነው። መሃል ላይ ይህቺ ትንሽዬ ሴት ብቅ አለች። ፀጉሯ አጭር፣ ዓይኖቿ ትልልቅ። የብሩስ ዊሊስ ፍቅረኛ ናት። ቦርጭ ቢኖረኝ ደስ ይለኝ ነበር ትለዋለች። ጠዋት ብሉቤሪ ፓንኬክ መብላት አምሯታል።

ከዚያ የአባቱን የእጅ ሰዓት ረስታ መምጣቷ ታወቀ። ሰውዬው ቴሌቪዥኑን አንስቶ ወረወረው። እሷ ጥግ ይዛ ተኮራመተች። ቤቱ ውስጥ ያሉት ወንዶች በሙሉ እሷን ሰደቧት። ዝርክርክ፣ ምናምን። እኔ ግን አንጀቴን በላችው። በዚያ ሁሉ ሽጉጥ መሃል ከልቡ ሲፈራ ያየሁት ሰው እሷን ነበር። የእውነት የፈራ ሰው ትከሻው እንዴት እንደሚሆን አውቃለሁ። የእሷም እንደዚያ ሆነ።

ስሟን ያወቅኩት ከብዙ ዓመት በኋላ ነው። አሁን ትምህርት ቤት ውስጥ የድራማ ክበብ አስተምራለሁ። ትንሽ ሚና ደረሰኝ ብሎ ለሚያኮርፍ ተማሪ ያንን የሞቴል ክፍል ነው የማሳየው።

ማሪያ የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1965 ሊዝበን ነው። አባቷ አንቶኒዮ ቪክቶሪኖ ደ አልሜይዳ የታወቀ የሙዚቃ ደራሲና ፒያኖ ተጫዋች ነው። ልጅነቷ ያለፈው ግን ኦስትሪያ፣ ቪየና ውስጥ ነው። ወደ አገሯ የተመለሰችው በ1974 ወታደሮች ካካሄዱት አብዮት በኋላ ነው። ገና አስራ አምስት ዓመቷ ላይ ዧው ሴዛር ሞንቴይሮ የተባለው ዳይሬክተር ካሜራ ፊት አቆማት። ከዚያ ፓሪስ ሄዳ ትወና ተማረች። በ1990 «ሄንሪ ኤንድ ጁን» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ላይ ደራሲዋን አናይስ ኒንን ሆና ሠራች። ጁንን ሆና የሠራችው ኡማ ተርማን ናት። ከአራት ዓመት በኋላ ሁለቱም «ፐልፕ ፊክሽን» ላይ ተገኙ። አንድም ትዕይንት ላይ ግን አይገናኙም።

ስለ 1994 ሳስብ ሁሌ የሚቆጨኝ ነገር አለ። ግንቦት ላይ «ፐልፕ ፊክሽን» የካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት ወሰደ። ዓለም ሞቴሉን አወቀ። በዚያው ዓመት መስከረም ላይ የቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይት ሽልማቱን ለራሷ ለማሪያ ሰጠ። የተሸለመችበት የቴሬዛ ቪላቨርዴ ፊልም ነው፤ ሊዝበን ውስጥ ከሁለት ወንድሞቿ ጋር የምትኖር ልጅ ታሪክ። በአገሯ ቋንቋ፣ በአገሯ ሴት ዳይሬክተር የተሠራ። ይህን የሚያነሳልኝ ሰው እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም። ስሟን ስጠራ ሁሉም «አሃ፣ የፓንኬኳ ልጅ!» ይለኛል።

እሷ ግን ሰው የሚሰጣትን ሚና ስትጠብቅ አልኖረችም። ራሷ ዳይሬክተር ሆነች። በኋላ የብራዚል ዘፈኖች እየዘፈነች አልበም አወጣች፤ ዩኔስኮም የሰላም አርቲስት ብሎ ሰየማት። ይህን ሁሉ በሩጫ የማልፈው አንድ ፊልም ላይ መቆየት ስለምፈልግ ነው። በ2000 የወጣው «የሚያዝያ ሻምበሎች»። ዳይሬክተሯ እሷ ናት። የአንዱን መኮንን ሚስት አንቶኒያንም ሆና ትጫወታለች።

ፊልሙ የአንድ ሌሊትና የአንድ ቀን ታሪክ ነው። በእኛ አቆጣጠር ሚያዝያ 17 ቀን 1966። ፖርቱጋል ለ48 ዓመት በአምባገነን ሥር ኖራለች። ወታደሩ አንጎላ፣ ሞዛምቢክና ጊኒ ቢሳው ውስጥ ለ13 ዓመት ሲዋጋ ሰልችቶታል። ሻምበሎች ተማከሩ።

ይህን ፊልም ብቻዬን ማየት አልሆነልኝም። ፍላሽ ላይ ጭኜ ጋሼ ቤት ሄድኩ። ጋሼ የእናቴ ታላቅ ወንድም ናቸው። በ66 የአራተኛ ክፍለ ጦር ሹፌር ነበሩ። ስለዚያ ጊዜ አያወሩም። እትዬ ቡና እያፈሉ፣ እኔ የእንግሊዝኛውን ጽሑፍ እያነበብኩ በአማርኛ እየነገርኳቸው ጀመርን።

ከእኩለ ሌሊት በኋላ ሃያ ደቂቃ ላይ ሬዲዮው የዜካ አፎንሶን ዘፈን ያሰማል። ምልክቱ እሱ ነው። ዘፈኑ የሚጀምረው በድምፅ አይደለም፤ ጠጠር በሚረግጡ እግሮች ነው። ማንም ሳይዘፍን ጋሼ ስኒያቸውን አስቀመጡ። «ሰልፍ ነው» አሉ።

ሻምበል ሳልጌይሮ ማያ ሳንታሬም ከሚገኘው የፈረሰኛ ትምህርት ቤት ወታደሮቹን ይዞ ይነሳል። ያኔ ዕድሜው 29 ነው። መሄድ የፈለገ ይሰለፍ፣ ያልፈለገ እዚሁ ይቅር ይላቸዋል። እስከ ሊዝበን 80 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ብረት ለበሶቹ እየተግተለተሉ ከተማ ሲገቡ መብራቱ ቀይ ይሆናል። ይቆማሉ። መንግሥት ሊገለብጡ እየሄዱ መብራት ይጠብቃሉ። ይህ የማሪያ ፈጠራ አይደለም፤ የእውነት የሆነ ነው።

ጋሼ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። «ሹፌሩ ልክ ነው!» አሉ። «መብራት መብራት ነው። ሌሊት ብቻሽን ብትሆኚ እንኳ እግርሽ ራሱ ፍሬኑን ይረግጠዋል።» እንደገና አሳዪኝ አሉኝ። መለስኩላቸው።

ማያ የመንግሥት ታንክ ፊት ብቻውን የቆመበት ቦታ ላይ ግን አልሳቁም። መኮንኑ ተኩስ ሲል ወታደሮቹ አልተኮሱም። ጋሼ ወደ ስክሪኑ ጠጋ አሉ። እኔም መተርጎሜን አቆምኩ። ማሪያ ካሜራዋን ፊቶቹ ላይ ታቆየዋለች። የሚያልባቸው ልጆች ናቸው። እዚያ ጋ ያቺን የሞቴሏን ልጅ አስታወስኩ። ፍርሃትን ራሷ ተጫውታ የምታውቅ ሰው ናት ካሜራውን የያዘችው። የፍቅሩ ታሪክ ፊልሙን አንዳንድ ቦታ ያዘገየዋል፤ ወታደሮቹ ጋ ስትመጣ ግን አንድም የምጥለው ነገር የለኝም።

አበባው ሲመጣ እትዬም መጥተው ተቀመጡ። ሴለስቴ ካዬሮ የምትባል የምግብ ቤት ሠራተኛ ነበረች። ምግብ ቤቱ የተከፈተበትን አንደኛ ዓመት ሊያከብር ካርኔሽን ተገዝቶ ነበር። ከተማው ሲታመስ ተዘጋና አበባውን ውሰዱት ተባሉ። መንገድ ላይ አንድ ወታደር ሲጋራ ጠየቃት። ሲጋራ የላትም። ካርኔሽን ሰጠችው። አፈሙዙ ላይ ሰካው። ይህን ለእትዬ ስነግራቸው «እሰይ!» አሉ።

«ስንት ሰው ሞተ?» አሉ ጋሼ።

«የደኅንነቱ ሰዎች ከመሥሪያ ቤታቸው ተኩሰው አራት ሰው ገድለዋል» አልኳቸው።

«አራት።» ዝም አሉ። ቆይተው፣ «እኛም ያለ ምንም ደም ብለን ነበር» አሉ።

የእኛም ነገር የዚያው ዓመት ነው። ጥር ላይ ነጌሌ ቦረና ያለው ጦር በውሃና በምግብ ተነሳ። ጃንሆይ መስከረም 2 ወረዱ። ኅዳር 14 ሌሊት የሆነውን ታውቁታላችሁ። ጋሼም ያውቁታል። አልጠየቅኳቸውም።

ፊልሙ አለቀ። ሦስተኛው ቡና ቀዝቅዟል። «የሠራችው የትኛዋ ናት?» አሉኝ። ወደኋላ መልሼ አንቶኒያ ላይ አቆምኩት።

«ያቺ ትንሿ? ያኔ ስንት ዓመቷ ነበር?»

«ስምንት። አገሯ ውስጥ አልነበረችም።»

«እናትሽ አስራ አንድ ነበረች» አሉ ጋሼ። «እሷ እዚሁ ነበረች። መስከረም 2 በሰፈራችን ሳልፍ በር ላይ ቆማ አየኋት። ብረት ለበሱ ውስጥ እኔ እንዳለሁ በምን እንዳወቀች እንጃ፣ እጇን አውለበለበችልኝ። አላቆምኩም።»

እናቴ ይህን ነግራኝ አታውቅም። ታክሲ ውስጥ እንደገባሁ ደወልኩላት።