የኮምፒውተርን ሒሳብ ከሥሩ ለመረዳት የትኛውን መጽሐፍ እናስቀድም?

ወደ ባሕር ዳር ፖሊ ግቢ አዲስ የሚገቡ ተማሪዎችና የዓባይ ማዶ ጎረቤቶቼ ልጆች ደጋግመው ከሚያቀርቡልኝ ጥያቄዎች አንዱ «ጋሼ፣ ኮምፒውተር እንዴት እንደሚደምር በግልጽ የሚያስረዳ መጽሐፍ የትኛው ነው?» የሚል ነው። አብዛኞቹ የዲጂታል ኤሌክትሮኒክስ መማሪያ መጻሕፍት በ«እውነት ሠንጠረዥ» (ለእያንዳንዱ የገቢ ዓይነት ውጤቱን በሚዘረዝር ሠንጠረዥ) እና በካርኖ ማፕ (የአመክንዮ ቀመርን ለማሳጠር በሚያገለግል ሥዕል) ስለሚጀምሩ፣ ተማሪው ቀመሩን ማሳጠር ቢችልም 5 እና 3 በሽቦ ውስጥ አልፈው 8 የሚሆኑበትን መንገድ ሳያይ ኮርሱን ይጨርሳል። በእኔ እምነት የጀማሪ መጽሐፍ ዋና መመዘኛ አንድ ነው፤ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ከተማርነው «3 ጽፎ 1 መያዝ» ተነሥቶ አንዲት እርምጃ ሳይዘል እስከ ሰርኪዩቱ (የኤሌክትሪክ ዑደቱ) ድረስ ማድረስ አለበት።

በዚህ መመዘኛ ቀዳሚ የማደርገው የቻርልስ ፔትዞልድን «ኮድ» ነው። መጀመሪያ በ1999 እ.ኤ.አ. ታትሞ በ2022 ሁለተኛ እትሙ የወጣው ይህ መጽሐፍ በሌሊት በባትሪ መብራት ከሚነጋገሩ ሁለት ጓደኛሞች ተነሥቶ በሞርስና በብሬይል በኩል ወደ ሪሌይ (በኤሌክትሪክ ወደሚሠራ ማብሪያ ማጥፊያ) ይሻገራል፤ ከሪሌይ ጌት (1 እና 0 ተቀብሎ አንድ ውጤት የሚሰጥ አነስተኛ ሰርኪዩት)፣ ከጌት ደግሞ ደማሪ (ቁጥሮችን የሚደምር ሰርኪዩት) ይሠራል። አንባቢው ጆርጅ ቡል በ1854 ያሳተመው የአመክንዮ አልጀብራ ከኤሌክትሪክ ማብሪያ ማጥፊያ ጋር ያለውን ዝምድና ክሎድ ሻነን በ1937 የማስተርስ ጽሑፉ እስኪያሳይ ድረስ ለምን ያን ያህል ዓመት እንደፈጀ ራሱን እንዲጠይቅ ይገደዳል።

መጽሐፉን ከሌሎች የሚለየው በተለይ የመቀነስ ምዕራፉ ነው። ስንቀንስ ከጎረቤት ቤት እንበደራለን፤ ብድር ደግሞ ለሰርኪዩት አስቸጋሪ ነው። ስለዚህ ፔትዞልድ በመጀመሪያ በምናውቀው የአሥር ሥርዓት ያለ ብድር መቀነስን ያስተምራል። ለምሳሌ 642 ሲቀነስ 378ን እንውሰድ። 378ን ከ999 ብንቀንስ ምንም ሳንበደር 621 እናገኛለን፤ 642 እና 621 ሲደመሩ 1263 ይሆናሉ፤ 1 ጨምረን 1000 ስንጥል 264 ይቀራል። ይኸው ዘዴ በ0 እና በ1 ብቻ ወደሚጻፈው የሁለት ሥርዓት ሲመጣ ይበልጥ ይቀላል፤ ከ999 መቀነስ የነበረው ሥራ 0ን ወደ 1፣ 1ን ወደ 0 መገልበጥ ብቻ ስለሚሆን ያው ደማሪ ራሱ ይቀንሳል። ይህን በሚገባ የተረዳ ተማሪ ቱስ ኮምፕሊመንት የሚባለውን፣ ኮምፒውተር አሉታዊ ቁጥር የሚጽፍበትን መንገድ መሸምደድ አያስፈልገውም።

ሁለተኛው የኖአም ኒሳንና የሺሞን ሾከን «ዘ ኤለመንትስ ኦፍ ኮምፒውቲንግ ሲስተምስ» ነው። ሁለቱም ገቢዎቹ 1 ሲሆኑ ብቻ 0 ከሚሰጠው ከናንድ ጌት ተነሥቶ፣ አንባቢው ራሱ ባለ 16 ቢት ኮምፒውተር እንዲገነባ ያደርጋል (ቢት ማለት አንድ የ0 ወይም የ1 ቤት ነው)። ሰርኪዩቱን በኮምፒውተር ላይ አስመስሎ የሚያሠራው ፕሮግራም፣ ሲሙሌተሩ፣ በነፃ የሚገኝና አንዴ ከወረደ ያለ ኢንተርኔት የሚሠራ በመሆኑ ለእኛ ከተማ ተማሪዎች ያለው ጥቅም ቀላል አይደለም። በእጅ መንካት ለሚወድ ደግሞ ሁለት ቢቶችንና የተያዘችውን 1 የሚደምረው «ሙሉ ደማሪ» ከ9 ናንድ ጌቶች ስለሚሠራ፣ እያንዳንዳቸው አራት ጌት የያዙ ሦስት ቺፖችና አንድ ብሬድቦርድ (ያለ ብየዳ ሽቦ የሚሰካበት ሰሌዳ) ይበቁታል።

በዚህ መጽሐፍ ኮምፒውተር ላይ ማባዣ ሰርኪዩት አለመኖሩ ብዙዎችን ያስገርማል፤ ማባዛት የሚከናወነው በማጠፍና በመደመር ላይ በተመሠረተ ፕሮግራም ነው። እዚህ ላይ የእኛ አንባቢ ቆም ማለት ይገባዋል። ምክንያቱም ዘዴው በውጭ አገር የሒሳብ መጻሕፍት የኢትዮጵያ ገበሬዎች ማባዣ እየተባለ ከሚጠራው፣ በጥንታዊት ግብፅም ከሚታወቀው አሠራር ጋር በመሠረቱ አንድ ነው። 13ን በ24 ለማባዛት፣ በአንድ ወገን ትራፊውን እየተውን በግማሽ እንወርዳለን፦ 13፣ 6፣ 3፣ 1። በሌላው ወገን በእጥፍ እንወጣለን፦ 24፣ 48፣ 96፣ 192። ከጎዶሎዎቹ ከ13፣ ከ3 እና ከ1 ትይዩ ያሉትን 24፣ 96 እና 192 ስንደምር 312 ይመጣል። ጎዶሎውን 1፣ ተጋማሹን 0 ብለን ከታች ወደ ላይ ብንጽፍ 1101 እናገኛለን፤ ይህም 13 በሁለት ሥርዓት ሲጻፍ ነው። ለሰርኪዩት ማጋመስም ሆነ ማጠፍ አኃዞችን አንድ ቤት ወደ ጎን ማዛወር ብቻ ነው። ይህን ምሳሌ በየክፍሉ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ባየው ደስታዬ ነው።

የአስርዮሽ ቁጥሮች ጉዳይ ግን ከሁለቱ መጻሕፍት ውጭ ተጨማሪ ንባብ ይጠይቃል። 0.1 በሁለት ሥርዓት ሲጻፍ ማለቂያ ስለሌለው ኮምፒውተሩ አጠጋግቶ ያስቀምጠዋል፤ 0.1 እና 0.2 ሲደመሩ በብዙ የፕሮግራም ቋንቋዎች 0.30000000000000004 የሚታየውም ለዚህ ነው። ለሱቅ የሒሳብ ፕሮግራም የሚጽፍ ወጣት ገንዘቡን በብርና በነጥብ ሳይሆን በሳንቲም ሙሉ ቁጥር እንዲያስቀምጥ አጥብቄ እመክራለሁ። ለዚህ ርዕስ ዴቪድ ጎልድበርግ በ1991 ስለ ፍሎቲንግ ፖይንት (ኮምፒውተር ነጥብ ያላቸውን ቁጥሮች ስለሚያስቀምጥበት ዘዴ) ያሳተመው ጽሑፍ ከባድ ቢሆንም የመጀመሪያ ገጾቹን በትዕግሥት ማንበብ ይቻላል።

የቤህሩዝ ፓርሃሚን «ኮምፒውተር አሪትሜቲክ» ለመጨረሻ ማቆየት ይሻላል። መጽሐፉ ግሩም ነው፤ ነገር ግን ፈጣን ደማሪዎችን የሚያብራራው፣ የተያዘችው 1 ከቢት ወደ ቢት ስትሻገር ጊዜ እንደምትፈጅ አስቀድሞ ለገባው አንባቢ ነው። ባለ 16 ቢቱን ደማሪ በሲሙሌተር የሠራ ተማሪ የመጨረሻው ቢት የፊተኞቹን 15 ቢቶች መጠበቅ እንዳለበት ስለሚያውቅ፣ ተያዡን አስቀድሞ የሚያሰላው የካሪ ሉክአሄድ ሰርኪዩት ለምን እንዳስፈለገ ማንም ሳይነግረው ይረዳል።