ጠባሳዋ ቦታ ቀየረች

ሥራዬ ቪዲዮ ኤዲቲንግ ነው። እንጀራችን ሰርግና ማስታወቂያ ነው፤ አንድ ጊዜ ግን አንዲት የቪዲዮ አርቲስት መጣች። ርዕሷ ራሷ ናት። በስልኳ የፊት ካሜራ ራሷን ለወራት ቀርጻለች፦ ፀጉሯን ስትሠራ፣ ቡና ስትጠጣ፣ ሰፈሯ ሱቅ ፊት ቆማ ዝም ስትል። የቀረውን እኛ ስቱዲዮ በትልቁ ካሜራ ቀረጽንላት።

ሁለቱን ታይምላይን ላይ ስንቀጣጥላቸው እምቢ አሉ። ብርሃኑ አይደለም፣ ቀለሙም አይደለም። ግራ ቅንድቧ ላይ ትንሽ ጠባሳ አለች፤ ሾቱ በተቀየረ ቁጥር ጠባሳዋ ወደ ቀኝ ቅንድብ ዘላ ትመለሳለች። ለካ ስልኩ ሁሉንም እንደ መስታወት ገልብጦ ነው ያስቀመጠው። (አንዳንዱ ስልክ ስታዩት ብቻ ይገለብጥና ሲያስቀምጥ ያቃናዋል። የእሷ አላቃናውም።)

አብሮኝ የሚሠራው ልጅ «ይሄማ ቀላል ነው» ብሎ የስልኩን በሙሉ ፍሊፕ አደረገው። ጠባሳዋ ቦታዋ ገባች። ሱቁ በር ላይ የተለጠፈው «ዱቤ የለም» እንኳን መነበብ ጀመረ። ከዚህ በላይ ምን ይፈለጋል?

እሷ መጥታ ስታየው ፊቷ ተቀያየረ። «ይቺ እኔ አይደለሁም። አፌ ጠመም ብሏል፣ አንዱ ዓይኔም አንሷል።»

ልጁ ሳቀ። «እህቴ፣ እኛ የምናይሽ እኮ እንዲህ ነው።»

አባባሉ ቢከፋም እውነቱን ነው። እ.ኤ.አ. በ1977 የታተመ አንድ የአሜሪካ ጥናት አለ። ሴቶች የራሳቸውን ፎቶ ቀናውንና የተገለበጠውን ሲያዩ አብዛኞቹ የተገለበጠውን መረጡ፣ ወዳጆቻቸው ደግሞ ቀናውን። ሁሉም የለመደውን ወደደ ማለት ነው።

እሷ ግን አልተበገረችም። «እኔ የቀረጽኩት እኔ የማውቃትን ሴት ነው፤ እናንተ የምታውቋትን ማን አምጡ አላችሁ?» አለች። ልጁ «አርቲስት ሲባል…» ብሎ በሆዱ አጉረመረመ። እኔ ግን ልክ ናት ባይ ነኝ። የሰርግ ቪዲዮ ቢሆን ማንንም ሳልጠይቅ አቃናው ነበር፤ እዚህ ግን ግራና ቀኙ ራሱ የሥራው ጉዳይ ነው።

አሜሪካዊው አርቲስት ብሩስ ናውማን እ.ኤ.አ. በ1970 የሠራውን ያወራችልን ያኔ ነው። ጠባብ ኮሪደር፣ ጫፉ ላይ የተደራረቡ ሁለት ቲቪዎች፣ ከመግቢያው በላይ የተሰቀለ ካሜራ። ወደ ቲቪው በተጠጋህ ቁጥር ከካሜራው ትርቃለህ፤ ስለዚህ አንደኛው ላይ የምታየው እያነሰ የሚሄድ የገዛ ጀርባህን ነው። ሌላኛው ላይ ኮሪደሩ ባዶ ነው፣ አንተ የለህበትም። ይሄን ስሰማ ለምን እንደተናደደች ይበልጥ ገባኝ።

በመጨረሻ የተገለበጠውንና የተቃናውን፣ ሁለቱንም ቅጂ ፊት ለፊት በተቀመጡ ሁለት ስክሪኖች ላይ እኩል አስነሳናቸው፤ ተመልካቹ መሀል ይቆማል። በአንደኛው በኩል «ዱቤ የለም» ተገልብጦ ቀረ፣ ማንም አልነካውም።

በመክፈቻው ዕለት እናቷ መጡ። አንዱን አዩ፣ ዞረው ሌላውን አዩ፣ ከዚያ ወደ ቀናው እየጠቆሙ «ልጄ ይቺ ናት፤ ያቺኛዋን ማን አመጣት?» አሉ። ልጁ እስከ ዛሬ «ነግሬያት ነበር እኮ» ይላል።