ብርሃን የማይወጣባቸው ቀለበቶች

ክብር ምስጋና ለእግዚአብሔር ይሁን። ይህን ለመጻፍ አራት ዓመት ፈራሁ። አሁንም እያለቀስኩ ነው የምጽፈው።

ልጄ የተወለደው በ30ኛው ሳምንት ነው። 1,250 ግራም ነበር። ከእሱ በፊት አንዲት ሴት ልጅ ነበረችኝ፤ በሦስተኛ ቀኗ አረፈች። እውነቱን ልናገር፤ ከዚያ በኋላ ሁለት ዓመት አልጸለይኩም። መቁጠሪያዬን መሳቢያ ውስጥ ቆለፍኩበት። እሑድ እሑድ ባለቤቴ ብቻውን ቅዳሴ ይሄድ ነበር። እግዚአብሔርን አልካድኩትም፤ ተቀየምኩት። «ለምኜህ ነበር እኮ» አልኩት። ሌላ ቃል አልጨመርኩም።

በአምስተኛው ሌሊት ነው። የጨቅላ ሕፃናት ጽኑ ሕክምና ክፍል ሌሊቱንም አይጨልምም። የመሣሪያዎቹ ቁጥሮች ያበራሉ። ልጄ ከተኛበት ማሞቂያ ቀጥሎ የልጅ ልጃቸውን የሚጠብቁ አንዲት እናት ነበሩ። መቁጠሪያ ይዘው ከንፈራቸው ብቻ ይንቀሳቀሳል። እኔ ፊቴን ወደ ግድግዳው አዙሬ ነበር የምቀመጠው።

አራት ሰዓት ላይ መሣሪያው ጮኸ። ያለጊዜው የተወለደ ሕፃን አንዳንዴ መተንፈስ ይረሳል። ትንፋሽን የሚያዘው የአንጎል ክፍል ገና አልበሰለም ብለው አስረድተውኛል። ነርሷ እጇን በማሞቂያው መስኮት አስገብታ ውስጥ እግሩን በጣቷ መታ መታ አደረገችው። ደረቱ ተነሳ። ሰባት ሰዓት ላይ ደገመው። አሁንም መታ አደረገችው፣ ተነፈሰ።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ግን አልነቃም። ውስጥ እግሩን መታችው፤ ምንም። ጀርባውን አሸችው፤ ምንም። የኦክስጅኑ ቁጥር 80 ነበር፤ 71 ሆነ፤ 60 ሆነ። ከንፈሩ ጠቆረ። ሐኪሙ እየሮጠ መጣ። በእጅ የሚጨመቀውን የኦክስጅን ከረጢት ፊቱ ላይ አደረጉ። የዚያ ከረጢት ድምፅ ዛሬም ጆሮዬ ውስጥ አለ።

ያኔ እኚያ እናት ከአንገታቸው አንድ ነገር አውልቀው እጄ ላይ አኖሩልኝ። ጥፍር የምታክል ሞላላ ሜዳልያ ናት። የገላቸው ሙቀት አልለቀቃትም ነበር። «የምትይው ከሌለሽ፣ ዝም ብለሽ ያዢያት ልጄ» አሉኝ።

ጨበጥኳት። አፌ ሳላዘው ጀመረ። ጸጋ የሞላሽ ማርያም ሆይ… ለእኛ ለኃጢአተኞች ለምኝልን፣ አሁንም… ከዚያ በላይ መሄድ አልቻልኩም። «በሞታችንም ጊዜ» የሚለው ከአፌ እምቢ አለ። እንደ እብድ «አሁን፣ አሁን፣ አሁን» እያልኩ ቀረሁ። ጸሎቴ ይቺው ነበረች።

ሐኪሙ ከረጢቱን አነሳ። ልጄ አለቀሰ። እንደ ድመት ግልገል የቀጠነች ልቅሶ ናት። 74። 85። 93።

ሐኪሙ የካፌይን መድኃኒት አዘዘለት፤ ትንፋሽን ያነቃቃል። እግዚአብሔር ይስጠው፣ እስኪነጋ ከአጠገባችን አልራቀም። ነርሷንማ በምን ቃል ላመስግናት! ሜዳልያዋን ከእጄ ተቀብላ በነጭ ፕላስተር ከማሞቂያው መስታወት ውጭ ለጠፈችልኝ። ውስጥ ማስገባት አይፈቀድም። መድኃኒቱም ከረጢቱም የእግዚአብሔር እጅ ናቸው፤ እኔ አልለያያቸውም። ሜዳልያዋም ክታብ አይደለችም። ልመናዬን ወደማውቃት እናት መለሰችልኝ፤ ሥራዋ ይኼ ነው።

እስኪነጋ እኚያ እናት እያሳዩ ነገሩኝ። እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 27 ቀን 1830 እመቤታችን ፓሪስ ውስጥ ካተሪን ላቡሬ ለምትባል ጀማሪ መነኩሲት ተገለጠች። ካተሪን እናቷ የሞተችባት በ9 ዓመቷ ነበር። ሜዳልያዋ ላይ እመቤታችን በምድር ሉል ላይ ቆማለች፤ እባቡ ከእግሯ ሥር ነው። ዙሪያውን «ያለ አዳም ኃጢአት የተፀነስሽ ማርያም ሆይ፣ ወደ አንቺ ለምንማፀን ለእኛ ለምኝልን» የሚል ጽሑፍ አለ። ሜዳልያው በ1832 ሲሠራ ፓሪስ በኮሌራ ትረግፍ ነበር። ብዙዎች በእሷ አማላጅነት ስለተፈወሱ ሕዝቡ ራሱ «ተአምራዊው» አለው። ካተሪን ግን ራእዩን ያየሁት እኔ ነኝ ሳትል 46 ዓመት ኖረች።

«ጀርባዋን እዪ» አሉኝ። መስቀል የተሸከመ የማርያም ስም መጀመሪያ ፊደል፣ M፣ አለ፤ ከሥሩ ሁለት ልቦች። አንዱ እሾህ ተደርጎበታል፣ ሁለተኛው ሰይፍ ተሰክቶበታል። «በአንቺም ደግሞ በነፍስሽ ሰይፍ ያልፋል» ያላት ስምዖን ነው። «እሷም ልጇን ቀብራለች። ምን ብለሽ ታኮርፊያታለሽ?» አሉኝ። ስለ ሞተችው ልጄ አንድም ቃል አልነገርኳቸውም ነበር።

ከዚያ ስለ ቀለበቶቹ አነሱ። በእመቤታችን ጣቶች ላይ ባለፈርጥ ቀለበቶች ነበሩ፤ ከፈርጦቹ የሚወጣው ብርሃን ለሚለምኗት የምታሰጠው ጸጋ ነው። አንዳንዶቹ ፈርጦች ግን አያበሩም ነበር። ሰዎች መለመን የረሱት ጸጋ ነው ተብሎ ለካተሪን ተነግሯታል።

እኔ የለመንኩት ትንፋሽ ብቻ ነበር። ሊነጋጋ ሲል ግን የሴት ልጄን ስም ጠራሁ። ሁለት ዓመት ሙሉ ያልጠራሁትን ስም። ጮክ ብዬ አለቀስኩ፤ እኚያ እናት ራሴን ደረታቸው ላይ ያዙልኝ። ከእግዚአብሔር ጋር የታረቅኩት ያን ጊዜ ነው። ይህን ማን ለመነልኝ? እኔ አልለመንኩም። «ልቅሶ ማታ ይመጣል» የሚለውን መዝሙር ሰምቼው አውቃለሁ፤ ጥዋቱን ግን ያየሁት ያን ቀን ነው።

ስምንት ሳምንት ጠብቀን ወጣን። የእሳቸው የልጅ ልጅ ከእኛ ቀድሞ ድኖ ወጥቷል። ሜዳልያቸውን ልመልስ ብል እምቢ አሉኝ። እማማ፣ ባሉበት እመቤታችን ትጠብቅልኝ!

አሁን አንገቴ ላይ ናት። የፕላስተሩ ሙጫ ጀርባዋ ላይ ቀርቷል፤ መፋቅ አልፈለግኩም። ማታ ማታ ልጄ ጭኔ ላይ ተቀምጦ በሁለቱ ልቦች ዙሪያ ያሉትን ከዋክብት በጣቱ ይቆጥራል። አሥራ ሁለት ናቸው፤ በዮሐንስ ራእይ ያለችው ሴት አክሊል። ሙጫው አንዷን ስለሸፈናት እሱ ሁልጊዜ አሥራ አንድ ነው የሚለኝ።