መብራት ሄዶ የተስተካከለው ጆይስቲክ

የእህቴ ልጅ የአውቶቡስ ጌም ነፍሱ ነው። ጌሙ ውስጥ ያለው አገር የትም ይሁን፣ ጠመዝማዛ ቁልቁለት ከመጣ ለሱ ሐረጎ ነው። "አጎቴ፣ ከደሴ ወጥቼ ወደ ኮምቦልቻ እየወረድኩ ነው" ይለኛል። በኪቦርድ ግን ሐረጎ አይወረድም። ቀስቷን ስትጫን መሪው ጥግ ድረስ ይዞራል፤ ትንሽ ጠምዘዝ ማድረግ ብሎ ነገር የለም።

የጌም መሪ የምንገዛበት ገንዘብ ስለሌለን ስልክ መሪ ይሁን አልን። ስልኩን ስታጋድለው አንድ አፕ ልኩን በዋይፋይ ወደ ኮምፒውተሩ ይልካል። እዚያ ቪጆይ የሚባል ድራይቨር (ዊንዶውስን ከመሣሪያ ጋር የሚያግባባ ፕሮግራም) ይቀበለውና ዊንዶውስን "ጆይስቲክ ተሰክቷል" ብሎ ያሳምነዋል። ጆይስቲኩ፣ ማለትም የጌም መቆጣጠሪያው፣ በእውን የለም፤ ግን እስከ 8 አክሲስ (እንደ መሪና ነዳጅ በልክ በልኩ የሚንቀሳቀስ መቆጣጠሪያ) እና 128 ቁልፍ ሊኖረው ይችላል።

ጫንኩት። እምቢ አለ። ዲቫይስ ማናጀር (የዊንዶውስ የመሣሪያዎች ዝርዝር) ውስጥ ቢጫ ምልክት፣ ኮድ 10፦ መሣሪያው ሊነሳ አልቻለም። ጥፋቱ የኔው ነው። ድሮ ከጓደኛ ፍላሽ የገለበጥኩት አሮጌ ቪጆይ ሳይወጣ አዲሱን ደርቤበታለሁ። ሁለቱንም አራገፍኩ። የድራይቨሩ ፋይል አብሮ ይጥፋ የምትለዋንም ሳጥን ነካሁ። አጥፍቼ አበራሁና አዲሱን መልሼ ጫንኩ። አሁንም ኮድ 10። አጠፋሁ፣ አበራሁ። እህቴ አቦሉን ቀድታ ቶናው ደርሷል፣ እኔ እዚያው ነኝ።

በረካው ላይ መብራት ሄደ።

ሲመጣ ኮምፒውተሩን ከፈትኩ። ቢጫዋ የለችም! ልጁ በሳቅ ሞተ። "ወላሂ አጎቴ፣ መብራቱ ካንተ ይሻላል።"

በኋላ ሲገባኝ ነገሩ ቀላል ነው። ዊንዶውስ ከ8 ጀምሮ ፋስት ስታርትአፕ አለው። ሻት ዳውን ስትሉት ፕሮግራሞቹን ይዘጋል እንጂ ከርነሉን (የዊንዶውስን እምብርት) ከነድራይቨሮቹ ዲስክ ላይ አስቀምጦ ነው የሚጠፋው። ስታበሩት ያንኑ ያነሳዋል። እኔ አጠፋሁት ስል አሮጌው ድራይቨር ተኝቶ ነበር ማለት ነው። መብራት ድንገት ሲሄድ ግን ለማስቀመጥ ጊዜ ስላልነበረው ከዜሮ ተነሳ። ገመድ ንቀሉ አላልኩም፤ ፋይል ይበላሻል። ሪስታርት በሉት፣ እሱም ከዜሮ ያስነሳል። ወይም ሺፍትን ይዛችሁ ሻት ዳውን በሉ።

አንድ ጣጣ ቀርቶ ነበር። አውቶቡሱ ማንም ሳይነካው ነዳጅ ይሰጣል። ጌሙ ማንም የማያንቀሳቅሰውን አክሲስ ነዳጅ መስጫ አድርጎት ኖሯል፤ መሃል ላይ ሲቆም ግማሽ እንደተረገጠ ይቆጥረዋል። በቪጆይ ማስተካከያ ከመሪው አክሲስ በቀር ሌሎቹን አጠፋኋቸው። ነዳጅና ፍሬን በኪቦርድ ሆነ።

አሁን ሐረጎን በደንብ ይወርዳል። ስልኩ የእናቱ ነው። ችግሩ ሰው በደወለላት ቁጥር አውቶቡሱ ገደል ይገባል።