ኦስ!

ዛሬ የካራቴ ልምምድ ላይ በዕድሜ በጣም የሚያንሰኝ ልጅ ጭኔን በእግሩ መታኝና እግሬ ከዳኝ። ወለሉ ላይ ቁጭ አልኩ። አሰልጣኛችን "ተነስ" ብቻ አለኝ። "ኦስ!" (በካራቴ ሰላምታም "እሺ"ም ማለት ነው) ብዬ ተነሳሁ።

ኪዮኩሽን ካራቴ ውስጥ ፊትን በቡጢ መምታት ክልክል ነው። ደረት፣ ሆድና ጭን ግን በሙሉ ኃይል ይመታል፤ ያውም ያለ ጓንት። መሥራቹ ማስ ኦያማ 100 ሰው ተራ በተራ መግጠምን ትልቁ ፈተና ያደረገው ለምን እንደሆነ ዛሬ ትንሽ የገባኝ መሰለኝ። ጉልበት ያልቃል። ከዚያ በኋላ ያለህ ለመነሳት መወሰን ብቻ ነው።

ስንጨርስ ልጁ ዝቅ ብሎ እጅ ነሳኝ። "ጋሼ፣ በጣም አመመህ እንዴ?" አለኝ። ይሄ ከምቱ በላይ ነካኝ።

ጭኔ ላይ በረዶ ይዤ ነው የምጽፈው። ሐሙስ እንደገና እንገጥማለን።